አባ ጨጓሬውና የይጋርዱ ባዘቶ

ኧረ እኔን ብሎ ቀልደኛ! ምን አግብቶኝ ነው እቴ፣ ስንት ሥራ ያለኝ ሴትዮ፣ ከአባ ጨጓሬ ጋር ማኅበር የገባሁት? ያኔም ቢሆን የልጅ ልጅ ያየሁ ነኝ። ትል ፍለጋ አጥር ለአጥር ስዞር ሰው ቢያየኝ ኖሮ "ትርንጎ አበደች" ብሎ አስሮ ጸበል ይወስደኝ ነበር። ምነው ባየኝ! ምነው አስሮ በወሰደኝ! ማንም አላየኝም።

ይህን ነገር ለሰው ተናግሬው አላውቅም። ለባሌ አልነገርኩም፤ ሳይሰማ ሞተ። ለነፍስ አባቴም አልነገርኩም። ሌላ ሌላውን ኃጢአቴን እዘረግፍላቸዋለሁ፤ በጾም ወተት መቅመሴን፣ ጎረቤት ማማቴን፣ ቄሱ ሳቃቸውን በመስቀላቸው እስኪሸፍኑ ድረስ አወራላቸዋለሁ። ይህቺን ግን ከምላሴ ሥር እንደያዝኳት ቤቴ እመለሳለሁ። እናንተ የምታነቡት ፊደል የቆጠራችሁ ናችሁ። እኔ አፍ ብቻ ነኝ። እኔ ሳወራ ጎረቤቴ ሰብለ በስልኳ ትቀዳለች፤ ኋላ በወረቀት ትገለብጠዋለች።

ሰብለ አስተማሪ ናት። እዚህ ቆሰበር ከተማ ከልጄ ግቢ አንዷን ክፍል ተከራይታ ነው የምትኖረው። ጴንጤ ስለሆነች የኛን በዓል አትይዝም፤ ሚካኤልም ማክሰኞም ለሷ አንድ ነው። በበዓል ቀን ልብስ ስታጥብ ባየኋት ቁጥር "አንቺ ልጅ፣ መልአኩ በክንፉ እንዳያጠናግርሽ" እያልኩ እቀልድባታለሁ። እሷ ትስቃለች። ቃሉ ከአፌ ሲወጣ ማንን እንደሚያስታውሰኝ ከየት ታውቃለች?

በቀደም ፎጣዋን ከአጥሩ ላይ ስታወርድ ጮኸች። ሄጄ ሳይ አባ ጨጓሬ ነው። ነጣ ያለ፣ ጸጉራም፣ የተነደፈ ጥጥ የሚመስል፣ ዳብሱኝ ዳብሱኝ የሚል። ክረምቱ ሲወጣ እኮ ነው የሚመጣው፤ ለከሰል በምንተክለው ዲከረንስ ዛፍ ላይ ይርመሰመሳል።

"እማማ ትርንጎ፣ ይሄ ነገር ሰው ምን ያደርጋል?" አለችኝ።

"ያሳክካል፣ ያቃጥላል። አመድ ጥረጊበትና ይተውሻል።"

"ዓይን ቢገባስ?"

ዝም አልኩ። እኔ ትርንጎ! ለቅሶ ቤት እንኳ ዝም ማለት የማላውቀው! ሰብለ ፎጣውን ጥላ ታየኝ ጀመር።

"ያጠፋል" አልኳት።

"እንዴት አወቁ?"

"ስላጠፋሁበት።"

ከአፌ ወጣ። አንዴ ከወጣ ወዲህ መመለሻ አጣሁለት፤ ይኸው ቁጭ ብዬ እለፈልፋለሁ።

ይጋርዱ ትባላለች። ነበረች ልበል እንጂ። ወደ ዘንገና ሐይቅ በሚወስደው መንገድ ላይ፣ እኛ ቀበሌ፣ የሷ ጓሮ ካለቀበት የኔ ጓሮ ይጀምራል። እሷ የአገው ልጅ ናት፤ እኔ ከወዲያ ከአማራው ተድሬ የመጣሁ። አገውኛ ያስተማረችኝ እሷ ናት። በአማርኛ ስንኮራረፍ በአገውኛ እንታረቅ ነበር። ልጆቻችንን አብረን ወለድን፣ አብረን አጠባን፤ የሷ እናኑ ስታለቅስ የኔን ጡት ጎርሳ ነው ያደገችው።

ይጋርዱ ፈታይ ነበረች። ፈታይ ስላችሁ ደግሞ እንደኔ እንዳይመስላችሁ። የሷ ክር ቀጭን ነው፣ ጠንካራ ነው፣ አንድ እጢ የለውም። አንድ ልማድ ነበራት። በየመሐሉ እንዝርቷን ታቆምና ክሩን ወደ በሩ ብርሃን ታነሳዋለች። ግራ ዓይኗን ትጨፍናለች። በቀኝ ዓይኗ፣ ክሩ ሽፋሽፍቷን ሊነካ እስኪደርስ አቅርባ፣ ከጫፍ እስከ ጫፍ ታየዋለች። ከዚያ ፈገግ ትላለች። ያቺ ፈገግታ ነበረች የምታበግነኝ! ምን ነበረበት ፈገግ ብትል? በገዛ ክሯ፣ በገዛ ቤቷ!

ሸማኔያችን አያ ሙጨ ሁልጊዜ የሷን ፈትል ለድር፣ የኔን ለማግ ይለየዋል። ድር ጨርቁን የሚሸከመው ክር ነው፤ ቀጭንና ብርቱ ካልሆነ ይበጠሳል። ማግ መሐል ለመሐል የሚገባው ነው፤ ለማግ ምንም ይሆናል። እኔም ይሆናል ስባል ኖርኩ። አንድ ቀን ግን ሴቶች ሁሉ ተሰብስበን ሳለ አያ ሙጨ የኔን ልቃቂት ብድግ አደረገና፣

"እትዬ ትርንጎ፣ ይሄ ፈትል ነው ወይስ ጥጃ ላስርበት?" አለኝ።

ሳቁ! ያን ሳቅ ዛሬም እሰማዋለሁ። ይጋርዱም ሳቀች፤ አፏን በነጠላዋ ይዛ፣ ትከሻዋ እየተንቀጠቀጠ። እኔም አብሬ ሳቅሁ። "ጥጃውስ ይህን አግኝቶ ነው!" ብዬ መለስኩለት። ቤቴ ስገባ ግን ፊቴ ይነድ ነበር። በመንደሩ የማስቅ እኔ ነኝ። በሠርግ ቀን የሚዜውን በርኖስ ከኮርቻው ጋር ሰፍቼ ከፈረሱ ሲወርድ ተንጠልጥሎ ያስቀረሁት እኔ ነኝ፤ አማቼ ጫማ ውስጥ እንቁራሪት የከተትኩ እኔ ነኝ። እኔ ላይ መሳቅ ማን ፈቀደ? ቆይ አልኩ። ቆይ፣ ይጋርዱ።

እንግዲህ እናኑ ልትዳር ሆነ። የሙሽሪት ቀሚስ፣ የአማቾች ጋቢ፣ ስንት ፈትል ይፈልጋል። አሥራ ሁለት ሚካኤል ነው፤ ደብራችን ደግሞ የሱ ነው፤ በሱ ቀን እንኳን እንዝርት መጨበጥ ጥጥ የሚነካ የለም። ስለዚህ በአሥራ ሦስት ሴቶቹ ሁላችን ይጋርዱ ቤት ተሰብስበን በወንፈል ልንፈትልላት ተነጋገርን። እኔም አሥራ ሦስትን ነበር የጠበቅሁት። ሁሉም ባለበት፣ አያ ሙጨም ክር ሊለካ ስለሚመጣ እሱም ባለበት፣ ይጋርዱ እጇን እያከከች ስትዘል ታየኝ። በሐሳቤ አስቀድሜ ሳቅሁ።

በሚካኤል ዋዜማ፣ ጠራራ ፀሐይ ላይ፣ ከአጥሩ ዲከረንስ አንድ ወፈር ያለ አባ ጨጓሬ በሁለት እንጨት ያዝኩ። ይጋርዱ ጓሮ ጎመን ትቀነጥብ ነበር። ቤቷ ገባሁ። የጥጥ ሙዳይዋን ከፈትኩ። ከላይ ያለውን ባዘቶ፣ ለመፍተል የተነደፈውን ጥጥ፣ ዘረጋሁና አባ ጨጓሬውን አሸሁበት። ወዲያ አሸሁት፣ ወዲህ አሸሁት። ትሉን እዚያው ብተወው እኮ ታየው ነበር፤ አይታ ትጥለው ነበር፤ ነገሩም በዚያው ያልቅ ነበር። እኔ ግን ተንኮለኛ ነኛ! ቀልዴ እንዳይበላሽብኝ ጸጉሩን ብቻ አራገፍኩበት። ነጭ በነጭ። ዓይን አይለየውም። ባዘቶውን እንደነበረ ጠቀለልኩ፣ ሙዳዩን ከደንኩ፣ ትሉን ወደ ውጭ ጣልኩ።

ስወጣ ይጋርዱ ጎመን ታቅፋ ከጓሮ መጣች። "ምነው ቆመሻል? ያንቺንም ቀንጥቤልሻለሁ፣ ያዥ" አለችኝ። ተቀበልኳት። ያን ጎመን በላሁት። እንዴት እንደወረደልኝ አትጠይቁኝ፤ ጣፍጦኝ ነው የበላሁት።

በማግስቱ ሚካኤል ነው። ቅዳሴ አብረን አስቀደስን። ከሰዓት በኋላ እናኑ እየሮጠች መጣች።

"እትዬ ትርንጎ! እማዬ ዓይኔን ዓይኔን ትላለች!"

እግሬን መሬት አልነካውም። ስገባ ይጋርዱ መሬት ላይ ተቀምጣ ቀኝ ዓይኗን በመዳፏ ይዛዋለች። እንዝርቱ አጠገቧ ወድቋል፤ ሙዳዩ ተከፍቷል። ያኔ ገባኝ። ባሏ ከሰል ይዞ አዲስ ቅዳም ገበያ ሄዶ ገና አልተመለሰም፤ ልጅቱን ውኃ ልካት በሩን ዘግታ ፈትላለች።

"እናኑን አስወጫትና በሩን ዝጊው" አለችኝ። ዘጋሁ።

"ትርንጎ፣ ፈተልኩ። በሱ ቀን ፈተልኩ። ፈትሉ አይደርስም ብዬ ጨነቀኝ። አንዲት ልቃቂት ብቻ፣ ሰው ሳያየኝ ብዬ። ክሩን ላየው ሳነሳ በእሳት መታኝ።"

"የገባብሽ ነገር አለ? ያየሽው አለ?" አልኳት። ለሷ ብዬ የጠየቅሁ እንዳይመስላችሁ። ማየት አለማየቷን ልሰልል ነው።

"ምን ይገባል? ምንም የለም። ክንፉ ነው የነካኝ።"

ክንፉ። ሚካኤል በክንፉ መታኝ አለች። እኔ ደግሞ ቆሜአለሁ፤ ትናንት ትሉን ስይዝ ጸጉር የነካው አውራ ጣቴ እየበላኝ በነጠላዬ ሥር እያከክሁት ቆሜአለሁ። "የኔ ተንኮል ነው" ለማለት ስንት ጊዜ ይፈጃል? አፌን ከፈትኩ። ምን እንደወጣ ታውቃላችሁ? "አይዞሽ፣ ይነጻልሻል።"

"ለማንም እንዳትነግሪ። በሞቴ" አለችኝ።

"እኔ ልሙት ከነገርኩ" አልኳት። ደስ እያለኝ ማልኩላት! ሰው እንዳይሰማ የፈለገችው እሷ ሆነችልኝ። በሕይወቴ እንደዚያች መሐላ የጠበቅሁት መሐላ የለም።

ከዚያ ሙዳዩን አነሳሁ። ባዘቶውንም፣ የፈተለችውንም ምድጃው ውስጥ ጨመርኩት። ለምን ብላ ትጠይቀኛለች ብዬ ፈርቼ ነበር። እሷ ግን በአንድ ዓይኗ እያየች "አዎ፣ አቃጥይው። የበዓል ፈትል ነው፣ አይረባም" አለችኝ። ጸጉር ሲቃጠል የሚሸተው ሽታ ቤቱን ሞላው። እኔ ሸተተኝ። እሷ ታለቅስ ስለነበር አልሸተታትም።

ዓይኑ አበጠ፣ ቀላ፣ እንባው አልቆም አለ። በአራተኛው ቀን ሚኒባስ አሳፍሬ እዚህ ቆሰበር ጤና ጣቢያ አመጣኋት። ነርሷ ልጅ እግር ነበረች፤ በባትሪ እያበራች ቆይታ አየቻት።

"እናቴ፣ ዓይንዎ ውስጥ የገባ ነገር አለ? ጭድ ነገር? የትል ጸጉር ነገር?"

"የለም ልጄ" አለች ይጋርዱ።

"ጸጉር ከሆነ በጣም ደቃቅ ስለሆነ እኔ ባለኝ ነገር አይታየኝም። ባሕር ዳር በትልቅ መነጽር እያዩ አንድ በአንድ የሚለቅሙ ሐኪሞች አሉ፤ አሁን የመላኪያ ወረቀት እጽፍልዎታለሁ። ግን ዛሬ ነገ አይባልም፤ እየቆየ ወደ ውስጥ ነው የሚገባው።"

"የሰው መድኃኒት አይነካውም። እኔና እሱ ነን የምናውቀው" አለቻት።

ነርሷ ግራ ገባትና ወደኔ ዞረች። "እርስዎስ እማማ፣ ያዩት ነገር አለ?"

ጠየቀችኝ እኮ! ፊት ለፊቴ ቆማ፣ ወረቀቱን በእጇ ይዛ፣ በሚገባኝ ቋንቋ ጠየቀችኝ። እኔም፣

"እኔ ምን አያለሁ ልጄ? የኔ ዓይን ቢያይ ኖሮ ፈትሌ ጥጃ ማሰሪያ ይሆን ነበር?" አልኳት።

ነርሷ ሳቀች። ይጋርዱ እንኳ ያ ሁሉ ሕመም እያላት ትንሽ ፈገግ አለች። አሳቅኋቸው። ወረቀቱ ሳይጻፍ ቀረ፤ ቅባት ሰጥታን ወጣን። የይጋርዱ ዓይን የጠፋው ያን ጊዜ ነው። በሚካኤል ቀን አይደለም፤ ትሉን በባዘቶው ላይ ባሸሁበትም ቀን አይደለም። ጤና ጣቢያ፣ አግዳሚው ላይ፣ ስቀልድ ነው የጠፋው። ይህን ለራሴ ስንት ጊዜ ነግሬዋለሁ። ለሌላ ሰው ስነግር ዛሬ መጀመሪያዬ ነው።

ጸበል ወሰድናት። አልሆነም። ዓይኑ ላይ ነጭ ነገር እንደ ጉም ጣለበት፤ በዚያው ቀረ።

በሚቀጥለው ወር ሚካኤል የጽዋ ማኅበራችን ቀን ነበር። ዳቦው ተቆርሶ፣ ጠላው ተቀድቶ፣ ሰው ሁሉ እንደተቀመጠ ይጋርዱ ከመሐላችን ተነሳች። ለማንም እንዳትነግሪ ብላ ያስማለችኝ ሴት! "እኔ በሱ ቀን ፈትያለሁ። ዓይኔንም የነሳኝ እሱ ነው፤ የነሳኝም በሚገባኝ ነው። እናንተ ደግሞ ስታዩኝ ልጆቻችሁን ምከሩ" ብላ ተቀመጠች። ሴቱ አለቀሰ። ቄሱ እንኳ አንገታቸውን ደፉ። እኔ? የዳቦዬን ቅርፊት እጄ ላይ እየፈረፈርኩ ነበር። እሷ እዚያ ሁሉ ሰው ፊት መናገር ካላቃታት እኔን ምን ያዘኝ? መፍተሏን ፈትላለች፤ በዓል መሻር ኃጢአት መሆኑንም አውቃለሁ። ያን ዓይን ግን ሚካኤል አልነካውም። እኔ ነኝ። የራሴን ሥራ በመልአክ አመካኝቼ ዳቦ ቆረስኩ።

ሰው መከረ። እንዴት አይመክር! ሴት ልጅ በበዓል እንዝርት ብታነሳ "እንደ ይጋርዱ ልትሆኚ ነው?" ይሏታል። እሷ እየሰማች ይሏታል። እሷም "እውነት ነው ልጄ፣ እዪኝ" ትላለች።

ሠርጉስ ትሉኝ ይሆናል። ሠርጉ ቀኑን ጠብቆ ደረሰ። ይጋርዱ እንዝርት ዳግመኛ አልነካም አለች፤ እስከ ሞቷ አልነካችም። የጎደለውን ፈትል ማን ፈተለው? እኔ። ሌት ተቀን ፈተልኩላት። አያ ሙጨ ምርጫ ስላልነበረው የኔን ክር ለድር አደረገው። ሰዉ ሁሉ "ትርንጎ እኮ እህት ናት" እያለ መረቀኝ። ከስንት ዘመን በኋላ ክሬ ለድር በቃ! ስንት ዓመት የተመኘሁት ነገር፣ በምን ዋጋ እንዳገኘሁት አያችሁ? ጋቢው በሁለት ዓመቱ ከመሐል ተበጠሰ። እንኳን ተበጠሰ።

ከዚያ በኋላ ያለውን ዘመን ምን ብዬ ልንገራችሁ። ይጋርዱ የሚካኤል ቤተ ክርስቲያን ቅጥር ውስጥ አትገባም፤ ከውጪው በር ላይ ቆማ ነው የምታስቀድስ። ቄሱ "ግቢ፣ ተፈቶልሻል" ቢሏት "እሱ አልፈታኝም፣ ዓይኔ እዚህ አለ" ትላቸዋለች። ዝናብ ሲሆን እዚያው ይዘንብባታል። ደህናው ዓይኗም ቀስ በቀስ ደከመ፤ እጇን ይዤ የምመራት እኔ ነኝ። "ጉድጓድ አለ፣ እግርሽን አንሺ፤ ባጃጅ መጣ፣ ጥግ ያዢ።" መንገደኛው ሁሉ "ምን ዓይነት ጎረቤት ናት!" ይላል። እኔም እንደ ደግ ሰው አንገቴን አቀርቅሬ አልፋለሁ። በደግነቴ ልክ ውሸቴ እየወፈረ ሄደ።

ልነግራት አስቤ አላውቅም አልልም። አንድ ጊዜ ዘንገና ሐይቅ አፋፍ ላይ አረፍ ብለን ሳለ "ይጋርዱ፣ የምነግርሽ አለ" አልኳት።

"እኔ ልቅደምሽ" አለችኝ። "ትናንት ሳስበው እንዲህ አልኩ። እዚህ ቀጥቶኝ ከጨረሰ በወዲያኛው ዓለም አይቀጣኝም። ደግ አድርጎኛል።"

ከዚያ "ያንቺስ ምንድን ነው?" አለችኝ።

"ራበኝ ልልሽ ነው" አልኳት።

መጽናኛዋን ለምን እነጥቃታለሁ ብዬ ነው ስል ኖርኩ። ውሸት! ለሷ አዝኜ አይደለም ዝም ያልኩት። ሰው "ደጊቱ ትርንጎ" እንዳለኝ እንድሞት ፈልጌ ነው።

መጽናኛ የተባለውም መጽናኛ እንዳልነበር ኋላ አየሁት። ባለፈው ዓመት፣ መኸር ሲሰበሰብ፣ ይጋርዱ ታማ ተኛች። እኔ፣ እናኑ፣ ሁለት ሦስት ጎረቤቶች አልጋዋን ከብበን ተቀምጠናል። እጇን ስትዘረጋ ያኔ የትሉ ጸጉር የነካውን ያንኑ አውራ ጣቴን ያዘች።

"ትርንጎ፣ እዚያ በሰማይ በር ላይ የሚቆመው እሱ ነው አይደል?"

"ማን?"

"ሚካኤል ነዋ። ያውቀኛል እኮ። ምን ብዬ ነው ፊቱ የምቆመው?"

ፈርታለች። ያን ሁሉ ዓመት ስትፈራ ኖራለች፤ እኔም እያየሁ ነው። ያቺን ሰዓት ብነግራት ያለ ፍርሃት ትሄድ ነበር። ዓይኗን አልመልስላትም፣ ዘመኗን አልመልስላትም፤ ያን በር ግን ቀና ብላ ታልፈው ነበር። ይህ ብቻ ነበር የቀረኝ። እናኑ አለች፣ ጎረቤት አለ፣ ሁሉም ወደኔ ያያል። እኔ ምን አልኩ?

"በደህናው ዓይንሽ ጥቀሺውና እለፊ" አልኳት።

ጎረቤቶቹ ፊታቸውን አዙረው ሳቁ። እናኑም እንባዋን እየጠረገች ሳቀች። ይጋርዱ ግን አልሳቀችም። ጣቴን ለቀቀችው። በማግስቱ አረፈች።

ለቅሶዋ ላይ ከሁሉ በላይ ያለቀስኩ እኔ ነኝ። ከዚያ በኋላ የሷን በር እያየሁ መዋል አቃተኝና ወደ ቆሰበር፣ ልጄ ዘንድ ገባሁ። ሰው "ልጇን ልትጠጋ ነው" አለ። ይበል።

አሁን ይቅር በሉኝ ልላችሁ ነበር። ምን ታደርጉልኛላችሁ? እናንተን አልበደልኩ። እግዜር ይቅር ይለኝ ይሆናል፤ እሱ ብዙ ያልፋል። ይጋርዱ ግን ፈርታ ሄደች፤ እሷ ዘንድ ስልክ አይደወል፣ ኔትወርክ የለ። ለእናኑስ? የኔን ጡት ስለጠባች፣ እናቷ ከሞተች ወዲህ እናቴ ነው የምትለኝ። ልንገራት እላለሁ፤ ሲመሽ አልነግራትም፤ ሲነጋ ልንገራት እላለሁ። ይህን ወረቀት ሰው ያነብላታል ብዬ እፈራለሁ፤ ደግሞ ቢያነብላት እላለሁ። ራሴን አውቀዋለሁና በራሴ አፍ የምነግራት አይመስለኝም። ቀልድ ነበር አልላችሁም። ትሉን ፈልጌ ያዝኩ፤ ጸጉሩን ባዘቶው ላይ አሸሁ፤ ስጠየቅ ካድኩ፤ ስትፈራ ቀለድኩ። ሁሉንም ያደረግሁት እኔ ነኝ፣ ሌላ ማንም የለበትም።

ይህን ብዬ ስጨርስ ሰብለ ስልኳን አላነሳችም። አስተማሪ አይደለች፣ እንደ ተማሪዋ ትገሥጸኛለች፤ ወይም በነሱ ሥርዓት ልጸልይልዎ ትለኛለች ብዬ ጠበቅሁ። እሷ ግን አንዱንም አላደረገች። የተናገረችውንም እንዳለ ጻፊው ብያታለሁ።

"እማማ ትርንጎ" አለችኝ፣ "የስልኬ ባትሪ እስኪያልቅ አወሩ። ለይጋርዱ እኮ 'አባ ጨጓሬ ነው' ቢሏት ይበቃት ነበር።"